ለራሱ የጻፈው ገጸ ባሕርይ

በ1967 ጂሚ ፔሪ የሚባል እንግሊዛዊ ተዋናይ 43 ዓመቱ ነበር። (እዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመቶች እንደ ፈረንጆቹ ናቸው፤ ወደኛ አቆጣጠር ስመጣ ዓ.ም. እላለሁ።) ሥራ አልፈታም። ግን የሚደርሱት ቦታዎች ሁሉ ትንንሽ ናቸው። በር ከፍቶ ገብቶ፣ ሁለት ነገር ተናግሮ የሚወጣ ሰው። ዋናው ተዋናይ እንዲያምርበት አጠገቡ የሚቆም ሰው። ፔሪ በዚህ ዕድሜው አንድ ነገር ገባው፤ ጥሩ ቦታ የሚሰጠው ሰው ከሌለ ራሱ ለራሱ መጻፍ አለበት። ጻፈም። ዎከር የሚባል አራዳ ፈጠረ፤ በጦርነት መሀል ውስኪውንም፣ ሲጋራውንም፣ የሴት ስቶኪንጉንም አየር በአየር የሚቸበችብ፣ ለሁሉም ነገር መልስ ያለው ሰው።

ድርሰቱን ቢቢሲ ወሰደው። ከሱ የወጣው "ዳድስ አርሚ" የተባለው ተከታታይ የቀልድ ድራማ ነው፤ "የአባባ ጦር" እንደ ማለት። ከ1968 እስከ 1977 በ9 ምዕራፍ 80 ክፍል ተሠራ። በደህናው ጊዜ እስከ 18 ሚሊዮን ሰው ያየው ነበር። ቢቢሲ እስካሁን ይደግመዋል፤ ያኔ ያልተወለዱ ሰዎች ቀልዶቹን በቃላቸው ያውቃሉ።

ዎከርን ግን ፔሪ አልተጫወተውም።

እኔ ይህን ድራማ ያወቅኩት በሥራ ምክንያት ነው። ሶፍትዌር ዴቨሎፐር ነኝ፤ አዲስ አበባ ቁጭ ብዬ ውጭ አገር ካለ ቡድን ጋር ነው የምሠራው። አንድ ቀን ከቡድናችን የአንዱ ልጅ ኮድ ውስጥ አንዲት ማስታወሻ ተገኘች። "ይህ የይለፍ ቃል ለማንም እንዳይነገር" ትላለች። የይለፍ ቃሉ እዚያው አጠገቧ ተጽፏል። ሁላችንም ክው ስንል እንግሊዝ አገር ያለው አንጋፋው ባልደረባችን አንድ የቪዲዮ ሊንክ ብቻ ላከልን፤ ሌላ ምንም አላለም።

ከፈትኩት። የተማረከ የጀርመን ሰርጓጅ መርከብ አዛዥ የእንግሊዝ ሽማግሌዎች እየጠበቁት ቆሟል። እጁ ላይ ማስታወሻ ደብተር አለ፤ ጦርነቱን ስናሸንፍ ሒሳብ እናወራርዳለን የሚላቸውን ሰዎች ስም ይመዘግባል። ከሽማግሌዎቹ መሀል ያለ አንድ ጎረምሳ በሂትለር ላይ የሚያሾፍ ዘፈን ያንጎራጉራል። አዛዡ ስሙን ይጠይቀዋል። የሽማግሌዎቹ ካፒቴን ፈጠን ብሎ ልጁ ስሙን እንዳይናገር ያዝዘዋል። በስሙ ጠርቶ።

ይሄ የ1973 ክፍል ነው። እንግሊዞች "ከቴሌቪዥን ቀልድ አንደኛው የቱ ነው?" ሲባሉ ደጋግመው ይጠሩታል። እኔም ሳቅኩና ሌላ ክፍል ከፈትኩ፤ ከዚያ ሌላ። በሁለት ወር ውስጥ ከጠፉት 3 ክፍሎች በስተቀር ሁሉንም ጨረስኩ። (ያኔ ቴፕ ውድ ስለነበረ ቢቢሲ የድሮውን እያጠፋ በላዩ ላይ አዲስ ይቀዳ ነበር። ባክአፕ አለመያዝ እኛ ሙያ ውስጥ ብቻ ያለ በሽታ ይመስለኝ ነበር።) ስጨርስ ስለ ተዋናዮቹ ሳይሆን ይህን የጻፈው ሰው ማነው የሚለው ያዘኝ። ፔሪ ዘንድ የደረስኩት እንዲያ ነው።

ታሪኩ የሚጀምረው ከ1940 ነው። ሜይ 14 ቀን የእንግሊዝ የጦር ሚኒስትር አንቶኒ ኤደን በሬዲዮ ቀርቦ፣ ዕድሜያቸው ከ17 እስከ 65 የሆነና መደበኛው ጦር ውስጥ የሌሉ ወንዶች አካባቢያቸውን ለመጠበቅ እንዲመዘገቡ ጠየቀ። ጀርመን ሆላንድንና ቤልጂየምን እየዋጠች ነው፤ ፈረንሳይም ልትወድቅ ነው። ሰው ወደየፖሊስ ጣቢያው ጎረፈ፤ ሁለት ወር ተኩል ሳይሞላ ቁጥሩ ከ1 ሚሊዮን አለፈ። ስማቸውም ሆም ጋርድ ተባለ። ችግሩ መሣሪያ የለም። የአደን ጠመንጃ ያለው የአደን ጠመንጃውን፣ የሌለው የመጥረጊያ እንጨቱን ይዞ ወጣ። ትንሽ ቆይቶ መንግሥት የብረት ቧንቧ ጫፍ ላይ ሳንጃ አስበይዶ ያከፋፍል ጀመር። በቃ ጦር ነው፤ በ20ኛው ክፍለ ዘመን መሀል፣ በታንክና በአውሮፕላን ዘመን፣ ጦር። (ከላይ ያልኩት ጎረምሳ ስሙ ፓይክ ነው። ፓይክ ማለት በእንግሊዝኛ ይኸው ጦር ማለት ነው።)

ፔሪ ያኔ 16 ዓመቱ ነው። አባቱ የለንደን አንቲክ ነጋዴ ናቸው። ልጃቸው ትልቅ ኮሜዲያን ወይ የፊልም ኮከብ እሆናለሁ ብሎ ሲነግራቸው የመለሱለት "አንተ ጅል ልጅ!" የሚል ነበር፤ በኋላ ካፒቴኑ ፓይክን ባየ ቁጥር የሚላት እሷኑ ነው፤ የፔሪ የሕይወት ታሪክ መጽሐፍም ርዕስ ሆናለች። ጦርነቱ ሲመጣ ቤተሰቡ ከለንደን ወጣ ብላ ወዳለችው ዋትፎርድ ሄደ፤ ልጁም እዚያ ሆም ጋርድ ገባ። እናቱ ሌሊት መውጣቱን አልወደዱትም። ብርድ እንዳይመታውም ይሰጉ ነበር። እዚያው ቡድን ውስጥ ከጄኔራል ኪችነር ጋር ሱዳን ዘምቶ የነበረ ሽማግሌ ነበረ፤ ሳንጃ እንዴት እንደሚሰካ እየደጋገመ የሚያወራ። ሽማግሌው 28 ዓመት ቆይቶ ኮርፖራል ጆንስ የሚባለው የሉካንዳ ቤት ባለቤት ሆነ። የእናቱ ስጋት ሻርፕ ሆኖ የፓይክ አንገት ላይ ሄደ።

ከሆም ጋርድ በኋላ ፔሪ የመድፈኛ ወታደር ሆኖ ወደ ሩቅ ምሥራቅ ተላከ፤ ሕንድ ውስጥ ዴኦላሊ በሚባል የጦር ካምፕ የወታደሮች የሙዚቃና የቀልድ ቡድን ውስጥ ሠራ። ሲመለስ የተመላሽ ወታደር ነፃ ትምህርት አግኝቶ ራዳ የሚባለው ዝነኛ የትወና ትምህርት ቤት ገባ። በዕረፍት ጊዜው በትለንስ በሚባለው የሠራተኛው ሕዝብ የመዝናኛ ካምፕ ቀይ ኮት ለብሶ እንግዳ ያጫውት ነበር። ከዚያ ከባለቤቱ ከጊልዳ ጋር ሆኖ ከ1956 እስከ 1965 የዋትፎርድን ፓላስ ቴአትር አስተዳደረ፤ በየሳምንቱ አዲስ ቴአትር። እስቲ አስቡት፤ ሰኞ አንድ ቴአትር ይከፈታል፣ ቀን ቀን የሚቀጥለውን ሳምንት እያጠናህ ማታ የዚህን ሳምንት ትጫወታለህ፣ ትኬቱንም ኪራዩንም አንተ ታስባለህ። እኛ በየሁለት ሳምንቱ አንድ ሥራ አስረክቡ ስንባል እናለቅሳለን።

ይህን ሁሉ መዘርዘሬ ያለ ምክንያት አይደለም። ፔሪ ከነዚህ ውስጥ አንዱንም አልጣለም። ሆም ጋርዱ "ዳድስ አርሚ" ሆነ። ዴኦላሊ "ኢት ኤንት ሃፍ ሆት መም" ሆነ። የመዝናኛ ካምፑ "ሃይ ዲ ሃይ" ሆነ። አያቱ በሀብታም ቤት የአሽከሮች አለቃ ነበሩ፤ እሳቸውም ወደ "ዩ ራንግ ምሎርድ" ገቡ። በሃያ ዓመት ውስጥ አራት ትልልቅ ድራማ፣ አራቱም ከገዛ ኑሮው። በየአንዱ ቦታ ሲኖር አጃቢ ነበረ፤ የካምፑ ልጅ፣ የቡድኑ ወታደር፣ እናቱ የሚሰጉለት ጎረምሳ። እንደሚገባኝ ዓይኑን የሠራለት ይሄ ነው። ዋናው ሰው መሀል ላይ ሆኖ ሕዝቡን ያያል፤ አጃቢው ጥግ ላይ ሆኖ ዋናውን ሰው ያያል።

ወደ 1967 ልመለስ። ፔሪ የቤተ መንግሥት ዘበኞች ሲቀያየሩ ቆሞ እያየ፣ በጦርነቱ ጊዜ እዚህ ቦታ ሆም ጋርዶችም ዘብ ቆመው እንደነበር ትዝ አለው። ቤተ መጻሕፍት ሄዶ ስለነሱ ቢፈልግ እዚህ ግባ የሚባል ነገር አጣ። ከሚሊዮን በላይ ሰው የተሳተፈበት ነገር በ20 ዓመት ውስጥ ተረስቷል! በዚያው ሰሞን በ1937 የተሠራውን "ኦ ሚስተር ፖርተር" የሚባል የቀልድ ፊልም በቴሌቪዥን አየ፤ ሦስት ሰዎች አሉበት፤ አንድ ጉረኛ አለቃ፣ አንድ ሽማግሌ፣ አንድ ልጅ። ቅርጹን ከዚያ ወሰደ። ስሙን "ዘ ፋይቲንግ ታይገርስ" አለው፤ ተዋጊዎቹ ነብሮች።

ዕድል ሆኖ ወኪሉ የነበረችው አን ካለንደር የቢቢሲው አዘጋጅ የዴቪድ ክሮፍት ሚስት ናት። ፔሪ ክሮፍት በሚያዘጋጀው በሌላ ድራማ አንድ ትንሽ ቦታ ላይ እየሠራ ሳለ ስክሪፕቱን ሰጠው። ክሮፍት ወደደው፤ አብረው እንዲጽፉትም ተስማሙ። የቢቢሲ የኮሜዲ ኃላፊው ማይክል ሚልስ ደግሞ ርዕሱን ቀይሮ "ዳድስ አርሚ" አለው። እስከዚህ ሁሉም ደስ ይላል።

ዎከርን ማን ይጫወት ሲባል ፔሪ እኔ ብሎ ቆመ። ሚልስና ክሮፍት እምቢ አሉ። ምክንያታቸው ሁለት ነው። አንደኛ፣ ደራሲ ልምምዱ ላይ ከውጭ ሆኖ ማየት አለበት፤ ካሜራ ፊት ከቆመ የጻፈው ይሥራ አይሥራ ማን ያይለታል? ሁለተኛ፣ ሌሎቹ ተዋናዮች ምርጥ ምርጡን ቀልድ ለራሱ ያስቀራል ብለው ይጠረጥሩታል። ፔሪ እያቃረው ተቀበለ። ቦታው ለጄምስ ቤክ ተሰጠ። ፔሪ ካረጀ በኋላም ይቆጨው እንደነበር አልደበቀም።

እኔ ይህን ሳነብ መጀመሪያ ለፔሪ ተናደድኩለት፤ ቆይቶ ግን ሚልስ ትክክል ነበር ብዬ ለማመን ተገደድኩ። ዎከርን ስታዩት ቤክ ብቻውን አያበራም፤ መስመር ላይ ከቆሙት ሰባት ሰዎች አንዱ ነው። ለራሱ የሚጽፍ ሰው እንዲህ አድርጎ ገጸ ባሕርዩን ልኩ ላይ ማቆየት ይችላል? እጠራጠራለሁ። ፔሪ ግን በዚህ ድራማ ውስጥ ራሱን ሁለት ጊዜ ነው የጻፈው። ፓይክ የነበረው ልጅ ነው። ዎከር መሆን የሚፈልገው ሰው ነው፤ ማንም "አንተ ጅል ልጅ" የማይለው፣ እሱ ራሱ ሌላውን የሚያሞኝ። የነበረውን ልጅ ኢያን ላቬንደር ለሚባል የ22 ዓመት ወጣት ሰጠ። መሆን የሚፈልገውን ወሰዱበት። ለድራማው ተስማማ፤ ለሰውየው ግን ከባድ ነው።

እዚህ ላይ ስለ ራሴ ትንሽ ካልነገርኳችሁ ይህ ድራማ ለምን እንደያዘኝ አይገባችሁም።

በ2014 ዓ.ም. ጥቅምት ማብቂያ ላይ ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ ሲደርስ የአዲስ አበባ ነዋሪ መሣሪያ ያለው እንዲያስመዘግብ፣ በየሰፈሩም ተደራጅቶ አካባቢውን እንዲጠብቅ ጥሪ ተላለፈ። እኔ ከዩኒቨርሲቲ ከወጣሁ ሁለት ዓመት አልሞላኝም። ከየቤቱ አንድ ወንድ ሮንድ ይውጣ ተባለ፤ አባቴ ደም ግፊት ስላለበት እኔ ወጣሁ። እናቴ ጋቢ ደርባልኝ፣ ከላዩ ሻርፕ ጠምጥማ፣ "ሳንባህን እንዳይመታህ ብቻ" ብላ በር ድረስ ሸኘችኝ። ጦርነት እንደምሄድ ሳይሆን ኬጂ እንደምገባ ነው የተሰማኝ። ስለ ፔሪ እናት ስጋትና ስለ ፓይክ ሻርፕ ያወቅኩት በኋላ ነው፤ ሳነበው ምን ያህል እንደሳቅኩ ገምቱ።

የኛ ቡድን አለቃ ጡረታ የወጡ ሻምበል ናቸው። ሁለት ጡረተኛ መምህራን አሉ፤ አንደኛው በየግማሽ ሰዓቱ ሽንት ቤት ይሄዳሉ። የሰፈራችን ባለ ሱቅ አለ፤ ዘይት በጠፋበት ሰሞን ለሮንድ ጓደኞቹ ብቻ ከመጋዘኑ ጥግ የሚያወጣ። መሣሪያችን ሦስት ባትሪ፣ አንድ ፊሽካና ዱላ ነው። ሻምበል እኔን ኢንጂነር ነው የሚሉኝ።

"ኢንጂነር! ባትሪህን አጥፋ፣ ጠላት ያየናል።"

"ሻምበል፣ ካጠፋሁት እኛ አንተያይም እኮ፤ መብራት እንደሆነ ራሱ ጠፍቷል።"

"እንግዲያው አብራው፤ ግን ወደ መሬት።"

ከሳምንት በኋላ ይመስለኛል፣ ከሌሊቱ 7 ሰዓት አካባቢ አንድ ወጣት በእግሩ መጣ። አስቆሙት። መታወቂያ ሲባል አወጣ፤ እጁ ይንቀጠቀጣል። ከመሀላችን አንዱ መታወቂያውን ተቀብሎ ባትሪውን ስሙ ላይ አበራ። ልጁ መታወቂያውን አላየም፤ የሚያየው የያንዳንዳችንን ፊት ነው። በዚያን ሰሞን አዲስ አበባ ውስጥ ስም ምን ማለት እንደነበር ለሚያስታውስ ሰው ማብራራት አያስፈልገኝም። ሻምበል ከኋላ መጡ፤ መታወቂያውን ከሰውየው እጅ ወሰዱና ሳያነቡት አጥፈው መለሱለት። "ከየት ነው ልጄ?" አሉት። ከተረኛ ፋርማሲ ነው፤ የእናቱን መድኃኒት በፌስታል ይዟል። "በል ሂድ፣ እናትህን አታስጠብቃቸው" አሉት። ከዚያ ወደኛ ዞረው፣ "ባትሪ ወደ መሬት ብያለሁ!" ብለው ጮሁ።

ከጓደኞቼ ጋር በስልክ የምንቀርጻት አንዲት የዩቲዩብ ኮሜዲ ነበረችን፤ ሰባት ክፍል ሠርተን ቆማለች። ስክሪፕቱን እኔ ነበርኩ የምጽፈው። ስለ ሮንዱ አንድ ክፍል ልጻፍ ብዬ ብዙ ጊዜ ተቀምጫለሁ። ሻምበል፣ ሽንት ቤቱ፣ ዘይቱ፣ ጋቢው በግማሽ ቀን ያልቃሉ። ከሌሊቱ 7 ሰዓት ስደርስ ግን ይቆማል። ስም ማስመዝገብን፣ ስም መጥራትን ቀልድ ያደረገውን የ1973ቱን ክፍል እንደገና እያየሁ፣ ይሄን እነሱ ለምን ቻሉት እያልኩ ነው ስለ ፔሪ ማንበብ የጀመርኩት።

አንደኛው መልስ ጊዜ ነው፤ ከ1940 እስከ ድርሰቱ 27 ዓመት። ከጊዜው በላይ ግን ፍጻሜው ይመስለኛል። ጀርመን እንግሊዝ ባሕር ዳርቻ ላይ አልወረደችም። እነዚያ ሽማግሌዎች ሙሉ ጦርነቱን የጠበቁት ነገር ሳይመጣ በዲሴምበር 1944 ተበተኑ። ቀልዱ በሙሉ የቆመው በዚህ ላይ ነው፤ አደጋው እውነተኛ ነበር፣ ግን አልመጣም። መጥቶ ቢሆን ኖሮ የመጥረጊያ እንጨት የያዘ ሽማግሌ የሚያስቅ ምስል አይሆንም ነበር። ድራማው ሲጀመርም ቢሆን ሁሉም አልሳቀም፤ የቢቢሲ ዋን ኃላፊው ፖል ፎክስ መግቢያው ላይ የስደተኞችና የናዚ ወታደሮች እውነተኛ የጦርነት ፊልም መታየቱን ተቃውሞ እንዲወጣ አድርጓል። እንግሊዝም 20 ዓመት አልፏት ቆስላ የነበረችበት ቦታ ነበረ ማለት ነው።

ተዋናዮቹ ራሳቸው ደግሞ ከፔሪ የባሰ የሚያውቁ ሰዎች ናቸው። ገራገሩን ሽማግሌ ጎድፍሪን የተጫወተው አርኖልድ ሪድሊ በ1916 ሶም ላይ ክፉኛ የቆሰለ ሰው ነው። (እሱም ደራሲ ነበር፤ "ዘ ጎስት ትሬን" የተባለውን በጣም የታወቀ ቴአትር የጻፈው እሱ ነው። ሲያረጅ ግን አጃቢ ተዋናይ ሆኖ በ72 ዓመቱ ይህን ሥራ ጀመረ፤ የፔሪ ተገላቢጦሽ።) የ70 ዓመት ሽማግሌ መስሎ የሚንቀጠቀጠው ጆንስ፣ ክላይቭ ደን፣ ገና 48 ዓመቱ ነው፤ አራት ዓመት የጀርመን ምርኮኛ ሆኖ ኖሯል። ካፒቴን ሜይንዋሪንግን የሚሠራው አርተር ሎው በእውነተኛው ጦር ውስጥ ሳጅን ሜጀር ነበር፤ ሳጅኑን የሚሠራው ጆን ለመዥሪየር ደግሞ በእውነቱ ካፒቴን ነበር። ድራማው ውስጥም ነገሩ ሁሉ የተገለባበጠ ነው። ካፒቴኑ ከታች የመጣ የባንክ ሥራ አስኪያጅ፣ ሳጅኑ ደግሞ ባላባት ትምህርት ቤት የተማረ የሱ የባንክ ሠራተኛ። ካፒቴኑ አለቃ ሆኖ ሳለ ዕድሜውን ሙሉ በሳጅኑ ይቀናል። የእንግሊዝን የመደብ ነገር በዚህች አንድ ጠረጴዛ ላይ ታገኙታላችሁ።

ሜይንዋሪንግ ጉረኛ ነው፣ ግትር ነው፣ አጭር ነው፣ ሁሌም ይሳሳታል። ፈሪ ግን አይደለም። አደጋ ሲመጣ መጀመሪያ የሚቆመው እሱ ነው፤ ፔሪና ክሮፍት ይህን አንድም ቀን አልነኩበትም። ሻምበልን ሳስብ የሚመጣብኝ እሱ ነው።

ሁሉንም እወደዋለሁ ማለቴ ግን አይደለም። ኮርፖራል ጆንስ ሁልጊዜ የሚያወራው ሱዳን ውስጥ በሳንጃ ስለወጋቸው "ፈዚ ወዚዎች" ነው። የእንግሊዝ ተመልካች ይስቃል፤ የድሮ ሽማግሌ የሚያወራው ተረት ነው። እኔ ግን "ፈዚ ወዚ" የሚባሉት እነማን ናቸው ብዬ ፈለግኩ፤ ጸጉራቸውን የሚያጎፍሩት የምሥራቅ ሱዳን ቤጃዎች ናቸው፤ ዘመዶቻቸው ኤርትራ ውስጥም ይኖራሉ። ጎረቤቶቻችን ናቸው በሉት። እንግሊዝ በባሕሯ ተከልላ ወራሪ ስትጠብቅ የሚያስቀው ሽማግሌ፣ ሌላ ቦታ ወራሪው እሱ ነበረ። ሰውየው ሲደነብር፣ ሲደናበር አሁንም እስቃለሁ፤ ወደ ሱዳን ወሬው ሲገባ ግን ዝም እላለሁ።

በ1974 የጀመረው "ኢት ኤንት ሃፍ ሆት መም" ከዚህ ይከፋል። ሕንድ ውስጥ ስላሉ የእንግሊዝ ወታደሮች የቀልድ ቡድን ነው፤ ራንጊ ራም የሚባለውን ሕንዳዊ ማይክል ቤትስ የሚባል ነጭ ተዋናይ ፊቱን ጠይም ቀለም ተቀብቶ ይጫወተዋል። ቤትስ ሕንድ ተወልዶ ያደገና ቋንቋውን የሚናገር ሰው መሆኑ ሁሌም መከላከያ ሆኖ ይቀርባል። ቢቢሲ ይህን አይደግመውም። ፔሪ ከጻፍናቸው ሁሉ የሚያስቀው ይሄ ነው እያለ እስከ መጨረሻው ተከራክሯል። እኖርበት ስለነበር አውቀዋለሁ ነው ክርክሩ። እንደኔ ግን ቦታውን የሚያውቀው ከወታደሮቹ ድንኳን ውስጥ ሆኖ ነው። ከጥግ የማየት ችሎታው እዚያ አልደረሰም፤ ከወታደሮቹ ይልቅ ጥግ ላይ የነበሩት ሌሎች ናቸውና።

ስለ አጻጻፋቸው ያነበብኩት ግን በጣም ነው ያስቀናኝ። ፔሪና ክሮፍት አንድ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጠው ዓረፍተ ነገር በዓረፍተ ነገር አልነበረም የሚጽፉት። ሁለት ታሪክ አብረው ይነድፉና አንዱን አንተ፣ አንዱን እኔ ብለው ተከፋፍለው ወደየቤታቸው ይሄዳሉ። የቱን ክፍል ማን እንደጻፈው ብትሉኝ እኔ መለየት አልችልም። ኮድ ለሁለት ተከፋፍሎ ጽፎ ሲገጠም ስፌቱ የማይታይበት ቀን ስንት እንደሆነ ሙያው ውስጥ ያለ ሰው ያውቃል። ፔሪ ብቻውን ወይም ከሌላ ሰው ጋር ሲሞክር ግን አልሆነም። በ1979 "ሩም ሰርቪስ"፣ በ1989 "ሃይ ስትሪት ብሉስ"፤ ሁለቱም ሳይነሡ ወደቁ። ክሮፍት አዘጋጅ ነው፤ የትኛው ቀልድ እንደሚቆረጥ ያውቃል። ፔሪ የኖረ ነው። አንዱ ያለ ሌላው ጎደሎ ነበር።

የመግቢያ ዘፈኑን ግጥም የጻፈውም ፔሪ ነው፤ ዜማውን ከዴሬክ ታቨርነር ጋር ሠራው። እንዲዘፍነው ያገኙት ደግሞ ፔሪ ከልጅነቱ ጀምሮ ሲያመልከው የነበረውን የጦርነት ጊዜ ኮከብ ባድ ፍላናገንን ነው። ፍላናገን ቀዳው፤ በዚያው ዓመት በ1968 ሞተ። ዛሬም ብዙ እንግሊዛዊ ዘፈኑ የእውነት የ1940ዎቹ ዘፈን ይመስለዋል። ለአንድ ደራሲ ከዚህ የበለጠ ምን አለ እላለሁ፤ የፈጠርከው ነገር ድሮም የነበረ መስሎ ሲታይ። 

ጄምስ ቤክ በኦገስት 1973 በ44 ዓመቱ ሞተ። እየተሠራ በነበረው ክፍል ውስጥ ዎከር ከሰልፉ ላይ ጎድሎ ቦታው ላይ ለንደን ለንግድ ሄጃለሁ የሚል ወረቀት ብቻ ይገኛል። ከዚያ በኋላ በዋናው የቴሌቪዥን ድራማ ውስጥ ማንም ዎከርን አልተጫወተም። ፔሪም ቦታው ይሰጠኝ አላለም፤ እንዴትስ ይላል?

እሱ ድራማው ውስጥ አንድ ጊዜ ታይቷል። በመጀመሪያው ምዕራፍ ቻርሊ ቺዝማን የሚባል የሚውዚክ ሆል ቀልደኛ ሆኖ መድረክ ላይ ይወጣል፤ ቀልዱን አውርዶ ይገባል። ሚውዚክ ሆል የሚባለው ድሮ ዘፋኝ፣ አክሮባት፣ አስማተኛና ቀልደኛ እየተፈራረቁ የሚወጡበት የሠራተኛው ሕዝብ መድረክ ነው፤ ፔሪ ከልጅነቱ ጀምሮ መሆን የፈለገው እዚያ ላይ ነበር። ያን ትዕይንት ብዙ ጊዜ አይቼዋለሁ። እውነቱን ልንገራችሁ፤ ጎበዝ ነው፣ ግን ሎው ወይም ለመዥሪየር አይደለም። ትንሽ ይጮሃል። ደስ እንዳለው ያስታውቃል።

በ1978 እሱም ክሮፍትም ከመንግሥት ኒሻን ተሸለሙ። ክሮፍት በ2011፣ ፔሪ በ2016 በ93 ዓመቱ ሞቱ፤ ፓይክን የተጫወተው ላቬንደር ደግሞ በ2024። ፔሪ በ1980ዎቹ "ተርንስ" የሚባል ፕሮግራም በቢቢሲ ያቀርብ ነበር። በየፊልም ማኅደሩ ተረስተው የቀሩ የሚውዚክ ሆል ሰዎችን አጫጭር ፊልም እየፈለገ ያሳያል፤ በእግሩ ፒያኖ የሚመታ፣ ሰሐን የሚያሽከረክር፣ ከሚስቱ ጋር አንዲት ቀልድ ይዞ 30 ዓመት አገር ለአገር የዞረ። አብዛኞቹን የሚያስታውሳቸው ሰው የለም። ፔሪ ሱፉን ለብሶ ካሜራው ፊት ይቆምና በስማቸው ይጠራቸዋል፤ ማን እንደነበሩ፣ የት እንደሠሩ፣ ምን ያህል ጭብጨባ ያገኙ እንደነበር ይነግርላቸዋል። ከዚያ ፈገግ ብሎ ወደ ጎን ገለል ይልና ፊልሙ ይጀምራል።